አርቮን የምታለብሰው ሄልቪ

ሄልቪ ራንታላ ሥራዋን ለማያውቅ ሰው ስታስረዳ፣ «ብርድ ክፍል ውስጥ አንድ ሰውዬ አለብሳለሁ» ትል ነበር። ሰውዬው አርቮ ነው። አርቮ በልብስ ሱቅ መስኮት ላይ እንደሚቆሙት ያለ አሻንጉሊት ነው፤ የሚለየው ቆዳው ከብረት የተሠራ፣ ውስጡም በኤሌክትሪክ የሚሞቅ በመሆኑ ነው። ለክረምት የተሠራ ነገር፣ ካፖርትም ይሁን የመኝታ ከረጢት፣ ገበያ ከመውጣቱ በፊት በእሱ ላይ ይሞከራል። አርቮ ለብሶ በቀዘቀዘው ክፍል ውስጥ ይተኛል፤ እኔ ከመስታወቱ ወዲህ ተቀምጬ ገላው እንደ ሰው ገላ ሞቆ እንዲቆይ ስንት ኤሌክትሪክ እንደፈጀ እመዘግባለሁ። ብዙ ከፈጀ ልብሱ ብርድ ያስገባል፤ ጥቂት ከፈጀ ልብሱ ደኅና ነው። ከዚያ ተሰልቶ ከዜሮ በታች እስከ ስንት ዲግሪ ብርድ እንደሚችል የሚናገር አንድ ቁጥር ይወጣና በከረጢቱ ላይ ይሰፋል። ሰዎች ያንን ቁጥር አምነው በረዶ ላይ ይተኛሉ።

አሥራ አራት ዓመት አብረን ሠርተናል። እኔ ስቀጠር እሷ አሥራ ሰባት ዓመት ቆይታ ነበር። መሞከሪያ ቤታችን ያለው ካናዳ፣ ተንደር ቤይ ከተማ ውስጥ፣ ከባቡር ጣቢያው በስተጀርባ ነው፤ ከውጭ ሲያዩት መጋዘን ይመስላል።

ሄልቪ የተወለደችው ከከተማው በስተምዕራብ ባለ እርሻ ነው። አባቷ ክረምቱን ሙሉ ከእንጨት ቆራጮች ጋር ጫካ ይከርማል። እናቷ የሞተችው ሄልቪ አሥራ አንድ፣ ወንድሟ ሬይኖ ስድስት ዓመት ሲሆናቸው ነው። ከግድግዳው ወደ ውስጥ ብቅ ያሉት የምስማር ጫፎች ሌሊት ሌሊት ውርጭ ያወጡ ነበር፤ ሬይኖ አልጋው ላይ ሆኖ ይቆጥራቸዋል። ሄልቪ ብርድ ልብሱን ከእግሩ ሥር ትጠቀልልለታለች፤ ጎኖቹን ትወትፋለች፤ በመጨረሻ ጫፉን ከአገጩ ሥር አስገብታ በሁለት ጣት ትጫነዋለች። «ብርድ በበር አይገባም፤ በቀዳዳ ነው የሚገባው» ይል የነበረው አባቷ ነው። እሷም ያንን ቃል እንደ ጸሎት ያዘችው። በአሥራ ሰባት ዓመቷ ካፖርት የሚሰፋበት ፋብሪካ ገባች፤ ፋብሪካው ሲዘጋ ወደ እኛ መሞከሪያ ቤት መጣች። ማግባት አልሆነላትም። አንድ ጊዜ ስለዚህ ብጠይቃት፣ «የማለብሰው ወንድ አገኘሁ፤ የሚያለብሰኝ ግን አልመጣም» ብላ ሳቀች።

እጇ የተለየ ነበር። የመኝታ ከረጢት ሲመጣ መጀመሪያ አራግፋ አንድ ቀን ሙሉ ትሰቅለዋለች፤ ውስጡ ያለው የዳክዬ ላባ ተነፋፍቶ ቦታውን እስኪይዝ። አርቮን ረጅም የውስጥ ልብስና ካልሲ ታለብሰዋለች። ከዚያ ከረጢቱ ውስጥ ታስገባውና ዚፑን ትዘጋለች፤ የኮፍያውን ገመድ ትስብና አፍንጫው ብቻ እስኪቀር ታጠብቀዋለች። መጨረሻ ላይ ጣቶቿን አስገብታ የአንገቱን ጨርቅ ከአገጩ ሥር ትወትፋለች። ይህን የመጨረሻውን ደንቡ አያዝም፤ አይከለክልምም።

አንድ ጊዜ ከሌላ ከተማ ሁለት መሐንዲሶች መጥተው ሄልቪ ቀድማ የሞከረችውን ከረጢት ራሳቸው አርቮን አለበሱት። ቁጥራቸው ከእሷ ቁጥር በአምስት ዲግሪ አነሰ። ሦስቴ ሞከሩ፤ ሦስቴም አነሰ።

«ሴትዮዋ ድግምት አላት እንዴ?» አለ አንደኛው።

አለቃችን ዳግ መኬንዚ ደረቱን ነፋ። «እኔን እንዲህ አድርጎ የሸፈነኝ ሰው ቢኖር ኖሮ ሁለት ጊዜ ባልተፋታሁ!»

«አርቮ አያንኮራፋማ» አለች ሄልቪ ከውስጥ።

በዚያ ቀን ሁላችንም ኮራን። ከሩቅ የሚመጡት ደንበኞች ወደ እኛ የሚመጡት ለእጇ ነበር፤ በእሷ እጅ የተለበሰ ከረጢት ከፍ ያለ ቁጥር ይዞ ይወጣል። ማናችንም፣ እኔም ጭምር፣ ከእነዚያ ሁለት ሰዎች ቁጥርና ከእሷ ቁጥር የትኛው ገዢው ራሱ ከሚያገኘው ሙቀት ጋር እንደሚቀራረብ አልጠየቅንም።

ሬይኖ አድጎ እንደ አባቱ እንጨት ቆራጭ ሆነ። ሠላሳ ዓመት በሞተር መጋዝ ሠራ። ሚስቱ ማርሊን ስትሞት ቤቱ ጭር አለ። አንድያ ልጁ ኪርስቲ የትምህርት ቤት አውቶቡስ ትነዳለች፤ በየቅዳሜው ሾርባ ይዛለት ትሄዳለች። እሱ ግን ክረምቱን ከከተማው በስተሰሜን ባለ ሐይቅ፣ በረዶ ላይ በቆመች የዓሣ ማጥመጃ ጎጆው ማሳለፍ ጀመረ። አዲስ የመኝታ ከረጢት ገዛ። ለሰው ሁሉ ያሳያል፦ «ሃያ ሁለት ከዜሮ በታች! እህቴ ናት የሞከረችው፤ የሌላ ሰው ቢሆን አልገዛም ነበር።»

በየካቲት አንድ ማለዳ፣ ስታን የሚባለው የጎረቤት ጎጆ አጥማጅ ጭስ አለማየቱ ከንክኖት በሩን ከፈተ። ሬይኖ ከረጢቱ ውስጥ ነበር። ኮፍያው ወደ ኋላ ወድቋል፤ ዚፑ ደረቱ ላይ ቆሟል። ምድጃው ጠፍቷል። የተፈለጠው እንጨት እጁ ሥር ነው፤ አንድም አልተነካም። የዚያን ሌሊት ብርድ አሥራ ሰባት ከዜሮ በታች ነበር።

እኛ ዘንድ በክረምት የሞተ ሰው ወዲያው አይቀበርም። መሬቱ እንደ ድንጋይ ስለሚሆን አስከሬኑ በመቃብር ቦታው ባለ ማቆያ ቤት ይቆይና በግንቦት፣ አፈሩ ሲለሰልስ ይቀበራል። በየካቲት አጭር ጸሎት ብቻ ተደረገ። ከዚያ በኋላ በቤተ ክርስቲያኑ ምድር ቤት ውስጥ ሄል የገባበት ዳቦ እየተቆረሰ፣ ሰው ሁሉ ዝቅ ባለ ድምፅ ያወራል። ምን እንደሚያወራ መስማት አያስፈልግም ነበር። ጫካ ውስጥ ያደገ ሰው እንደዚያ ያለ ከረጢት ይዞ፣ ራሱ ካልፈለገ በቀር፣ በአሥራ ሰባት ዲግሪ አይሞትም።

ሄልቪ ሳህን ስታጥብ ኪርስቲ አጠገቧ መጥታ ቆመች። እኔ ከበስተጀርባቸው ወንበር እየደራረብኩ ነበር።

«አክስቴ፣ ያ ከረጢት ስንት ይችላል?»

«ታውቂዋለሽ።»

«ንገሪኝ እንጂ።»

«ሃያ ሁለት።»

«እንጨቱስ የት ነበር?»

«ኪርስቲ፣ ተይ…»

«እጁ ሥር! ስታን ራሱ ነገረኝ። ምድጃውን እያየ፣ እንጨቱን እያየ ተኛ። ኮፍያውን እንኳ አልጎተተም። አክስቴ፣ ኮፍያ ለመጎተት ምን ያስፈልጋል? ከእማዬ በኋላ መኖር አልፈለገም፤ በቃ። እኔ አልበቃሁትም። ሾርባዬም አልበቃውም።»

«አባትሽ እንደዚያ አያደርግም።»

«እንግዲያው የአንቺ ቁጥር ውሸት ነው?»

ሄልቪ ያጠበችውን ሳህን መልሳ አጠበች። ኪርስቲ ካፖርቷን አነሳች። «በግንቦት ስትቀብሩት እኔን አትጠብቁኝ። ደኅና ሁኚ ሳይለኝ ለሄደ ሰው ደኅና ሁን አልልም።»

ሄልቪ ያንን ሳምንት ሥራ መጣች፤ ግን አርቮን ስታለብስ እጇ ይቆማል። በአራተኛው ቀን የታፈነ ድምፅ ከክፍሉ ሰማሁ፤ ስገባ የከረጢቱን ጨርቅ ከአርቮ አንገት ሥር ይዛ ታለቅሳለች።

«በገና ዕለት» አለችኝ፣ «ሬይኖ የካፖርቱን ቁልፍ መቆለፍ አቃተው። ጣቶቹ ነጭ ሆነው ነበር፤ እንደ ሻማ። የሞተር መጋዙ ንዝረት ነው፤ ብዙ ቆራጮች እንደዚያ ይሆናሉ። ብርድ ሲነካቸው ጣታቸው ይሞታል፤ መርፌ ብትወጋው አይሰማውም። እኔ ቆለፍኩለት። ‹አሁንም ታለብሺኛለሽ?› ብሎ ሳቀብኝ። ‹ለልጄ እንዳትነግሪ፤ መኪና መንዳት ትከለክለኛለች› አለኝ። እኔም አልነገርኳትም።»

ያኔ ነገሩ ገባኝ። እሷ ግን ቀድሞ ገብቷት ኖሯል። ሬይኖ ሳይፈልግ እንደሞተ ለኪርስቲ ማሳየት የሚቻለው በአንድ መንገድ ብቻ ነው፤ ቁጥሩ ለእሱ ዓይነት እጅ እንዳልተሰጠ በማሳየት። ቁጥሩን የሰጠችው ደግሞ ሄልቪ ናት። ወንድሟን ራሱን አጠፋ ከሚለው ስም የምታወጣው የሠላሳ አንድ ዓመት እጇን ከስሳ ነው።

ዳግ ቢሮ ገባች። በሩን አልዘጋችውም።

«የሬይኖን ከረጢት ፖሊስ መልሶልናል። አርቮ ላይ ልሞክረው እፈልጋለሁ፤ ኮፍያው ክፍት ሆኖ፣ እንደተገኘው።»

«ሄልቪዬ፣ ምን ያደርግልሻል? ደንቡ ዝግ ይሁን ነው የሚለው። ቁጥሩ ትክክል ነው። አንቺ ምንም ጥፋት የለብሽም።»

«ጥፋት አለብኝ አላልኩህም። ልሞክረው ነው ያልኩህ።»

«ከዚያስ? ዝቅ ያለ ቁጥር ይወጣል። ሁላችንም እናውቃለን። ወረቀቱ ከዚህ ቤት ወጥቶ ደንበኞች እጅ ቢገባስ? ‹ሄልቪ የነካችው ሁሉ የተጋነነ ነው› ይላሉ።»

«ይበሉ።»

ዳግ ክፉ ሰው አይደለም። ሬይኖ በየዓመቱ ከሐይቁ ዓሣ ያመጣለት ነበር። «ቅዳሜ» አለ በመጨረሻ፤ «ሥራ በሌለበት ቀን።»

ቅዳሜ ጠዋት ኪርስቲ መጣች። ሄልቪ ምን ብላ እንዳስመጣቻት አላውቅም። የአውቶቡስ ሹፌር ጃኬቷን ሳታወልቅ ከመስታወቱ ወዲህ፣ ከእኔ አጠገብ ተቀመጠች። ለእኔም ሰላምታ አልሰጠችኝም፤ አልተቀየምኩም።

ደንቡ ከረጢቱ ከመሞከሩ በፊት በብርሃን ተዘርግቶ እንዲመረመር ያዛል፤ የተቀደደ ወይም የተጎዳ ነገር ካለ ይጻፋል። ሄልቪ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋችውና ከእግሩ ጀምራ ስፌቱን በጣቷ እየተከተለች ትናገራለች፤ እኔ እጽፋለሁ።

«ዚፕ ደኅና። ስፌት ደኅና። የአንገት ጨርቅ ደኅና። የኮፍያ ገመድ…»

«የኮፍያ ገመድስ?» አልኳት።

መነጽሯን አወለቀች፤ መልሳ አደረገች። «ጫፉ ተበልቷል።»

«አይጥ ይሆናል» አልኩ።

«አይጥ አይደለም። ና እየው።»

ገመዱን የሚይዘው ትንሽ ፕላስቲክ ተጨፍልቋል። ገመዱ ራሱ ከጫፉ እስከ አንድ ጣት ርዝመት ተተርትሯል፤ ጥርስ በላይ በላዩ ሄዶበታል። በመካከሉ ትንሽ ቡናማ ነገር አለ፤ ከከንፈር የመጣ ደም ይመስለኛል።

ኪርስቲ መቼ ተነሥታ እንደገባች አላየሁም። ገመዱን ከሄልቪ እጅ ወሰደች። ወደ አፏ አስጠጋችና መልሳ አራቀችው።

«በጥርሱ…» አለች።

«ጣቶቹ ሞተውበት ነበር፤ ልጄ» አለች ሄልቪ። የገናውን፣ የካፖርቱን፣ ምስጢር ጠብቂልኝ ማለቱን፣ ሁሉንም ነገረቻት። ኪርስቲ ገመዱን ይዛ ትሰማለች። ስትጨርስ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀች፤ «ክብሪት መጫርስ?»

«በዚያ ጣት? እንጨትም ማንሳት አይችልም። ሙከራውን ልጀምር፤ ከዚያ የቀረውን ታያለሽ።»

አርቮን አለበሰችው፤ ካልሲውን፣ የውስጥ ልብሱን። ከረጢቱ ውስጥ አስገባችው። ከዚያ ያልጠበቅነውን አደረገች። በረዶ የተቀላቀለበት የውኃ ባልዲ አስቀምጣ ኖሯል፤ ሁለት እጆቿን እስከ አንጓዋ ነከረች። ደቂቃዎች ቆጠርኩ። ፊቷ ገረጣ። እጇን አውጥታ ሳታደርቅ ዚፑን ያዘች፤ ደረቱ ላይ ሲደርስ ጣቷ ተንሸራተተ፤ ደግማ ያዘች፤ ደግሞ ተንሸራተተ። ገመዱንማ ጭራሽ ልትይዘው አልቻለችም። በመዳፏ ልትጎትተው ሞከረች፤ ያ የታወቀ እጅ እንደ ሕፃን እጅ ገመዱን ይገፋዋል። ከመስታወቱ ወዲህ ሆኜ ማየት አቃተኝና ወደ መመዝገቢያዬ ጎንበስ አልኩ።

«በቃ፤ እንዲህ ይቅር» ብላ ወጣች።

አርቮ ከጠዋት እስከ ከሰዓት በኋላ ተኛ። ኪርስቲ ከወንበሯ አልተነሣችም። አንድ ጊዜ ብቻ፣ «ሰውዬውን ያመዋል?» ብላ ጠየቀችኝ፤ «አያማርርም» አልኳት። ትንሽ ፈገግ ያለች መሰለኝ፤ ወዲያው ግን ጠፋ።

ቁጥሩ ወጣ። ስድስት ከዜሮ በታች።

ወረቀቱን ለሄልቪ ሰጠኋት። አነበበችው። አጣጥፋ ኪሷ ልትከተው ትችል ነበር፤ ገመዱን ኪርስቲ አይታለች፤ ለብቻውም ብዙ ተናግሯል። እሷ ግን ለኪርስቲ ዘረጋችላት።

«ስድስት» አለች ኪርስቲ። «ሌሊቱ አሥራ ሰባት ነበር።»

«አዎ።»

«ስለዚህ መኖር ፈልጎ ነበር።»

«ፈልጎ ነበር፤ ልጄ። እስከ መጨረሻው።»

ኪርስቲ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች። ሄልቪ ልታቅፋት ተጠጋች። ኪርስቲ ግን በክርኗ ገፋቻት፤ በጥላቻ አይደለም፤ ሰው የተቃጠለ ቆዳውን እንዳይነኩበት እንደሚሸሽ ነው።

«ሃያ ሁለት ያልሽው አንቺ ነሽ» አለች። «እሱ እኮ አንቺን አምኖ ነው። ‹እህቴ ናት የሞከረችው› ይል ነበር። ስድስት መሆኑን ቢያውቅ በዚያ ጣት አይሄድም ነበር። እጁንም ታውቂ ነበር። ሁለቱንም የምታውቂ አንቺ ብቻ ነበርሽ።»

ሄልቪ አልተከላከለችም። ደንቡን አልጠቀሰችም፤ ደንቡ ከእሷ ጋር ነበር። «እውነትሽን ነው» ብቻ አለች።

ኪርስቲ ገመዱን ከከረጢቱ በመቀስ ቆርጬ እንድሰጣት ጠየቀችኝ። ሰጠኋት። ወረቀቱንም ይዛ ወጣች፤ የመኪናዋ ድምፅ እስኪጠፋ ሄልቪ ቆማ ቆየች።

ሰኞ ዕለት ሄልቪ ሪፖርት ጻፈች። በራሷ ቃል፣ «ሃያ ሁለት የሚለው ቁጥር የሚሠራው እጁ ደኅና ለሆነና ኮፍያውን እስከ መጨረሻው መዝጋት ለሚችል ሰው ነው፤ ሌላው ሰው ስድስት ይበል» የሚል ዓረፍተ ነገር ጨመረችበት። ዳግ ሦስት ጊዜ አንብቦ ተነፈሰ፤ ፈረመ። ለአምራቹ ተላከ። እስካሁን መልስ አልመጣም፤ ይመጣ ይሆናል። ሄልቪ ከዚያ ቀን ጀምሮ አርቮን አላለበሰችም። ሥራውን እኔ ወሰድኩ። የእኔ ቁጥር ከእሷ ያንሳል፤ ሁለት ደንበኞች ሄደውብናል፤ ዳግ ግን ስለዚህ አንድም ቀን አላነሳብኝም። እግዚአብሔር ይስጠው።

ግንቦት አሥራ ስምንት ሬይኖን ቀበርነው። አፈሩ ከላይ ለስልሶ ከታች ገና ውርጭ ነበረበት። ፓስተሩ መጽሐፉን ሲከፍት ሄልቪ ወደ በሩ መንገድ ታያለች። ጥቂት ሰዎች ነበርን፤ ስታን፣ ዳግ፣ ከፋብሪካው ዘመን የቀሩ ሁለት አሮጊቶች። ፓስተሩ ሰዓቱን አየ። «እንጀምር?» አላት። «ትንሽ» አለችው። ደግሞ ቆየና፣ «ሄልቪ፣ እንጀምር እንግዲህ» አላት። ራሷን ነቀነቀች።

መዝሙሩ እየተዘመረ ሳለ ቢጫው የትምህርት ቤት አውቶቡስ ከመቃብሩ አጥር አጠገብ ቆመ። ኪርስቲ ልጆቹን አድርሳ በቀጥታ መጥታ ነው። በሣሩ ላይ በፍጥነት መጣችና ከጉድጓዱ ወዲያ ማዶ፣ ከሄልቪ ፊት ለፊት ቆመች። አክስቷን አላየቻትም። ተራዋ ሲደርስ አፈር ዘግና ሳጥኑ ላይ በተነች፤ ከዚያ ጎንበስ ብላ ዝቅ ባለ ድምፅ አንድ ነገር አለች። ከአባቷ በቀር ማንም አልሰማም። ደኅና ሁን ማለቷ ይመስለኛል።

ሲያልቅ ሰው ሁሉ ወደ ምድር ቤቱ ሄደ። ኪርስቲ ወደ አውቶቡሷ ሄደች።

«ተከትያት ልሂድ?» አልኳት ሄልቪን። «አንቺን እኮ ሰላም አላለችሽም።»

«ተዋት» አለችኝ። «ለእሱ ነው የመጣችው። እኔም የለመንኩት ይህንኑ ነው።»

ያለቀሰችው ግን አውቶቡሱ ከታጠፈ በኋላ ነው። እኔ ከጎኗ ቆሜ በልቤ አመሰገንሁ፤ ለምን እንደሆነ በዚያ ቀን ቢጠይቁኝ መናገር አልችልም ነበር። ዛሬ ግን እችላለሁ፤ አንዲት ልጅ አባቷ እንዳልተዋት አውቃ ወደ ቤቷ ሄዳለች። የቀረው የሁለቱ ነገር ነው። ኪርስቲ ገና ሠላሳ አራት ዓመቷ ነው፤ ሄልቪም በጤና አለች፤ ለእግዚአብሔር የሚያንሰው ጊዜ የለም። በየእሁዱ ስለ ሁለቱም እጸልያለሁ። እስካሁን ግን ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በየራሳቸው ወንበር ነው የሚቀመጡት።